የቼክ ከተማ አውቶቡስ ዕድሜ የት ይወሰናል? ከካሮሳ እስከ ኤሌክትሪኩ

የአውሮፓ ኅብረት በ2024 (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ያወጣው ደንብ ለከተማ አውቶቡስ አምራቾች ቀነ ገደብ ቆርጧል። ከ2030 ጀምሮ ከሚያስመዘግቧቸው አዳዲስ የከተማ አውቶቡሶች 90 በመቶው፣ ከ2035 ጀምሮ ደግሞ ሁሉም ጭስ የማያወጡ መሆን አለባቸው። ስለዚህ ዛሬ በቼክ ሪፐብሊክ ጨረታ የሚያወጣ የከተማ ትራንስፖርት ድርጅት ከባድ ውሳኔ ፊት ቆሟል። የሚገዛው ናፍጣ አውቶቡስ ከመጨረሻዎቹ አንዱ ነው፤ የሚገዛው ኤሌክትሪክ ደግሞ እስከ 2040 ድረስ መሥራት ይጠበቅበታል። ውይይቱ ሁሉ ባትሪው ስንት ዓመት ይቆያል የሚለው ላይ ያተኮረ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው። የቼክ ዴፖዎች (የአውቶቡስ ማደሪያና መጠገኛ ግቢዎች) ከ40 ዓመት በላይ ያካበቱት ልምድ ግን ሌላ ቦታም ተመልከቱ ይላል። ሞተር ወርዶ ሌላ ይገባል፤ ካምቢዮ ተፈትቶ ይታደሳል። አውቶቡስን ለቁራሌ የሚዳርገው ብዙውን ጊዜ የቦዲው የብረት አጽም ነው። ኤሌክትሪኩም ከዚህ አያመልጥም፤ እንዲያውም አንዳንድ ጭነት ይጨምርበታል።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት ካሮሳን ማየት ይበጃል። ዮሴፍ ሶዶምካ በ1896 በምሥራቅ ቦሄሚያ፣ በቪሶኬ ሚቶ ከተማ የከፈተው የሠረገላ መሥሪያ ከጊዜ በኋላ የመኪና ቦዲ ፋብሪካ ሆነ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በመንግሥት ተወርሶ ካሮሳ ተባለ፤ በቼኮስሎቫኪያ ጎዳናዎች ላይ የሚታየው አውቶቡስም በአብዛኛው ከዚያ የሚወጣ ሆነ። በ1981 ማምረት የተጀመረው 700 የተባለው የአውቶቡስ ቤተሰብ ለዚህ ጽሑፍ ዋናው ምሳሌ ነው። በስሙ ውስጥ ቢ የከተማውን፣ ሲ ከከተማ ከተማ የሚሄደውን፣ ኤልሲ የረጅም ርቀቱን ያመለክታል። የሦስቱም አጽም፣ አክሰልና ሞተር በአብዛኛው አንድ ስለሆነ አንድ ዴፖ ለሁሉም የሚሆን መለዋወጫ በአንድ መደርደሪያ ማስቀመጥ ይችል ነበር። ለረጅም ዕድሜያቸው ይህ ብቻውን ትልቅ ምክንያት ነው።

የከተማዎቹ ቢ 731 እና ቢ 732 ርዝመታቸው 11 ሜትር፣ ስፋታቸው 2.5 ሜትር ነው። እያንዳንዳቸው በአየር ግፊት የሚታጠፉ ባለ አራት ክንፍ ሦስት በሮች፣ ወደ 30 የሚጠጋ መቀመጫና ወደ 60 ሰው የሚያቆም ቦታ አላቸው። ሊያዝ ከተባለው ፋብሪካ የሚመጣው ባለ ስድስት ሲሊንደር ሞተር ወደ 12 ሊትር የሚጠጋ ሲሆን ጉልበቱ 200 ፈረስ አካባቢ ነው። ከኋላው አክሰል በስተጀርባ፣ ከወለሉ ሥር በጎኑ ተኝቶ ይቀመጣል። የሚነዳው የኋላ አክሰል ሃንጋሪ ውስጥ ጅዮር ከሚገኘው ከራባ ፋብሪካ ይመጣ ነበር። ቦዲውን በአክሰሉ ላይ የሚሸከመው እገዳ (ሰስፔንሽን) በባሌስትራ ፋንታ የአየር ከረጢት ነው፤ አውቶቡሱ ባዶም ይሁን ሙሉ፣ ወለሉ ከመሬት ያለው ከፍታ አይለወጥም።

ሁለቱን የሚለያቸው ካምቢዮ ነው። ቢ 731 ፕራጋ የተባለው ፋብሪካ የሠራው ባለ ሁለት ማርሽ አውቶማቲክ ካምቢዮ ነበረው። ማርሹ ሁለት ብቻ ስለሆነ አውቶቡሱ ከቆመበት የሚነሳው በዘይት በሚሠራው መለወጫ መንሸራተት ነው፤ ያ መንሸራተት ሙቀት ነው፣ ሙቀቱም የባከነ ናፍጣ ነው። ቢ 732 ደግሞ ባለ አምስት ማርሽ ማኑዋል ነው። ናፍጣ ይቆጥባል፤ በምትኩ የሾፌሩን ግራ እግር ያደክማል፣ ፍሪሲዮንም ይበላል።

የከተማ ሥራ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ በቁጥር እንየው። አንድ የከተማ አውቶቡስ በዓመት 60,000 ኪሎ ሜትር ሄደ እንበል። ፌርማታዎቹ በአማካይ በ500 ሜትር ቢራራቁ 120,000 ጊዜ ቆሟል ማለት ነው፤ ቀይ መብራቱና መጨናነቁ ገና አልተቆጠረም። በየፌርማታው ሦስቱም በሮች ቢከፈቱ የበሮቹ ሲሊንደሮች በዓመት 360,000 ጊዜ ይሠራሉ። በ15 ዓመት አውቶቡሱ 900,000 ኪሎ ሜትር ሄዶ 1.8 ሚሊዮን ጊዜ ቆሟል። የረጅም ርቀት አውቶቡስ ይህንኑ ኪሎ ሜትር ሲሄድ የሚቆመው ከዚህ እጅግ ባነሰ ቁጥር ነው። አጽሙን የሚያደክመው ርቀቱ ሳይሆን ይህ የመነሳትና የመቆም ድግግሞሽ ነው፤ የኪሎ ሜትር ቆጣሪ ብቻ አይቶ አሮጌ የከተማ አውቶቡስ የሚገዛ ሰው የሚሳሳተውም እዚህ ላይ ነው።

ብረቱ የሚሰነጠቅበትና የሚዝግበት ቦታ

የ700ዎቹ ቦዲ ከፊል ራሱን የሚሸከም ነው። ወለሉ፣ ሁለቱ ጎኖች፣ ጣሪያው፣ ፊቱና ኋላው ለየብቻ ከቱቦላሬ ተበይደው ከተዘጋጁ በኋላ እንደ ሳጥን ይገጣጠማሉ፤ ከዚያ በውጭ ላሜራ ይለበሳሉ። በከባድ መኪና ሻንሲ ላይ ቤት እንደ መጫን አይደለም፤ ጎኑ ራሱ ጭነት ይሸከማል። ከመስኮት በታች ያለው የጎን ግድግዳ በሰያፍ ብረቶች የተያያዘ ስለሆነ ጠንካራ ነው። በር ያለበት ቦታ ግን ያ ሰያፍ ብረት የለም። ስለዚህ ስንጥቅ በመጀመሪያ የሚታየው በበሮቹ የላይኛው ማዕዘን እና ከኋላው አክሰል በላይ ባሉት የመስኮት ምሰሶዎች ግርጌ ነው። ሁለተኛው ቦታ የሚሰነጠቀው ሞተሩ ከአክሰሉ ኋላ ስለተንጠለጠለ ነው፤ አውቶቡሱ ጉድጓድ ውስጥ በገባ ቁጥር ያ ሁሉ ክብደት የኋላውን ቦዲ ወደ ታች ይጎትታል።

ዝገቱ የሚጀምረው ከውስጥ ነው። በቼክ ክረምት መንገድ ላይ የሚበተነው ጨው ከቀለጠ በረዶ ጋር ተቀላቅሎ በጎማ እየተረጨ ወደ ታችኛው ቦዲ ይገባል። ቱቦላሬው ዝግ ቢመስልም ለላሜራ ማሰሪያ በተበሳ ቀዳዳ ወይም ባልሞላ ብየዳ በኩል ውኃ ያገኘዋል። የውኃ መውጫው በጭቃ ከተደፈነ ጨዋማው ውኃ እዚያው ይከርማል። ከውጭ ቀለሙ ደህና ነው፤ ውስጡ ግን እየተበላ ነው። ቀለሙ አረፋ ሲያወጣ ብረቱ ከግማሽ በላይ አልቆ ሊሆን ይችላል። ልምድ ያለው ቦዲ ሠራተኛ ዓይኑን አያምንም፤ በመዶሻ ጫፍ እየመታ ድምፁን ያዳምጣል፣ ከዚያ በሹል ብረት ይወጋል። ጤነኛ ቱቦላሬ ጥርት ብሎ ይጮኻል፤ የበሰበሰው ድምፁ የታፈነ ነው።

ቀድመው የሚያልቁት ቦታዎች ይታወቃሉ፦ ከበር ደረጃ ሥር፣ ከጎማ ቤት በስተኋላ፣ ከባትሪ ሳጥኑ ዙሪያ አሲድ በሚነካው ብረት፣ ከሾፌሩ በታች ባለው የፊት ማዕዘን። የወለሉ ኮምፔንሳቶም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። ተሳፋሪው በጫማው የሚያስገባው በረዶ በላስቲክ ምንጣፉ ስፌት ሰርጎ የኮምፔንሳቶውን ጠርዝ ያረጥባል፤ እንጨቱ ያብጣል፣ ከሥሩ ያለውን ብረትም ዓመቱን ሙሉ እርጥብ ያደርገዋል። በበሩ አጠገብ ሲረግጡት የሚሰጥም ወለል ካለ ከሥሩ ያለውን ብረት ማየት ግድ ነው።

የብረቱ ውፍረትም ትልቅ ነገር ነው። ዝገት ግድግዳው 3 ሚሊ ሜትር ከሆነ ቱቦላሬ 1 ሚሊ ሜትር ቢበላ የሄደው አንድ ሦስተኛው ነው። 2 ሚሊ ሜትር ከሆነው ላይ ያንኑ ያህል ቢበላ ግማሹ ሄዷል። ቀላል አውቶቡስ ናፍጣም ኤሌክትሪክም ይቆጥባል፤ በዚያው ልክ የዝገት መከላከያው ስህተትን የማይታገሥ ይሆናል።

ትልቁ ጥገና

ቼኮች ጄኔራል ጥገና የሚሉት ሥራ የ700ዎቹን ዕድሜ ያራዘመ ዋና መሣሪያ ነበር። መቀመጫው፣ መስኮቱና የውስጥ ልባሱ ይወጣል፤ የጎን ላሜራው ይነቀላል፤ አጽሙ በአሸዋ ይታጠባል። የበሰበሰው ቱቦላሬ ተቆርጦ አዲስ ይበየዳል። እዚህ ላይ የሚሠራው ትልቁ ስህተት ብዙ ምሰሶ በአንድ ጊዜ መቁረጥ ነው፤ ሳጥኑ ቅርጹን ይለቃል። በየተራ እየቆረጡ፣ በየምዕራፉ የበሩንና የመስኮቱን ሁለት ሰያፍ ልኬት ማመሳከር ያስፈልጋል። ሁለቱ ሰያፎች እኩል ካልሆኑ በሩ በኋላ አይዘጋም። ከዚያ ፀረ ዝገት ቀለም ይቀባል፤ በቱቦላሬው ሆድ ውስጥም በረጅም አፍንጫ ሰም ይረጫል። ብዙ ቦታ የሚዘለለው ይህ የመጨረሻው ሥራ ነው። የማይታይ ስለሆነ ማንም አይጠይቅም፤ ከሦስትና አራት ክረምት በኋላ ግን የተዘለለበት አውቶቡስ ራሱ ይናገራል።

የድሮዎቹ መስኮቶች በላስቲክ ክፈፍ የተያዙ ስለነበሩ ሁለት ሰው አንድ መስታወት በአጭር ጊዜ ይለውጣል። ላስቲኩ ሲያረጅ ግን ውኃ በመስኮቱ ግርጌ ወደ ጎን ግድግዳው ያወርዳል። በአዲሶቹ ላይ የሚለጠፈው መስታወት ውኃ አያስገባም፣ ቦዲውንም ያጠነክራል፤ ሲሰበር ግን የድሮው ማጣበቂያ ተፍቆ፣ አዲሱ እስኪደርቅ አውቶቡሱ ለሰዓታት ይቆማል።

ሜካኒካሉ ክፍል በንጽጽር ቀላል ነው። የፍሬን ሸራና ታምቡር፣ የአየር ከረጢት፣ የጎማ ኩሽኔታ፣ የበር ሲሊንደር ሁሉ በየጊዜው የሚለወጡ ናቸው። በክረምት ብዙ አውቶቡስ ጠዋት የሚያስቀረው የአየር መስመሩ ነው። ኮምፕሬሰሩ የሚያስገባው አየር እርጥበት አለው፤ እርጥበቱ ቫልቭ ውስጥ ሲቀዘቅዝ ፍሬኑ አይለቅም ወይም በሩ አይከፈትም። መድኃኒቱ የአየር ማድረቂያውን ካርትሪጅ ክረምት ሳይገባ መለወጥና ጋኖቹን ማፍሰስ ነው። ከጋኑ ዘይት ያለበት ውኃ ከወጣ ማድረቂያው ብቻ ሳይሆን ኮምፕሬሰሩም ይታይ።

በ1991 ማምረት የተጀመረው፣ ከሁለት ክፍል ተያይዞ መሀሉ ላይ የሚታጠፈው ተጣጣፊው ቢ 741 የራሱ ጣጣ ነበረው። ሞተሩ ከኋላ ሆኖ የሚነዳው ሦስተኛውን አክሰል ስለሆነ ኋለኛው ክፍል የፊተኛውን ይገፋል። በረዶ ላይ የመታጠፍ አደጋ ስላለ መገጣጠሚያው መታጠፉን የሚገታ የሃይድሮሊክ መሣሪያ ያስፈልገዋል። ዘይት ማፍሰስ ከጀመረ ለነገ የሚባል አይደለም።

ደረጃው ሲጠፋ የመጣው

700ዎቹን ከመንገድ ያስወጣቸው ዝገቱ ብቻ አልነበረም። ወለላቸው ከፍ ያለ ስለሆነ በየበሩ ደረጃ አለ፤ በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄድ ሰው አይገባባቸውም፣ የልጅ ጋሪ ለሁለት ተይዞ ነው የሚነሳው። ይህ እውነተኛ በደል ነበር፤ ያንን አውቶቡስ ስለ ጥንካሬው የምናደንቅ ሰዎች ልንሸፍነው አይገባም። ካሮሳ በ1993 የሬኖ ድርሻ ከገባበት በኋላ ከ1996 ጀምሮ በቪሶኬ ሚቶ የሬኖ ንድፍ የሆነውን፣ ወለሉ ከመሬት 32 ሴንቲ ሜትር ብቻ ከፍ የሚለውን ሲቲባስ መሥራት ጀመረ። ባለ ደረጃው የ900 ቤተሰብ የከተማ ሞዴሎችም ጎን ለጎን እስከ 2006 ተመረቱ፤ ዋጋቸው ስለሚቀንስ ገዢ አላጡም። ዛሬ ፋብሪካው የኢቬኮ ነው፤ በዓመት ከ4,000 በላይ አውቶቡስ ያመርታል፤ ቦዲውን ሙሉ በሙሉ በፀረ ዝገት ገንዳ ውስጥ በኤሌክትሪክ ኃይል ይነክራል። ይህ ዘዴ ቀለሙን ቱቦላሬው ሆድ ድረስ ስለሚያስገባ ለአጽሙ ዕድሜ የተደረገ ትልቁ መሻሻል ይመስለናል።

በ1991 በሊብኻቪ መንደር የተመሠረተው ሶር የተባለው የአውቶቡስ ፋብሪካ ደግሞ በቀላል ክብደት ስም አወጣ። ከ18 ሜትር በላይ የሆነው ኤንቢ 18 የተባለው ተጣጣፊው በፕራግ በብዛት ይሠራል።

ወለሉ ዝቅ ሲል ግን ችግሩ ቦታ ለወጠ። ቀድሞ ከወለል ሥር የነበረው ሁሉ ወደ ኋላ ማዕዘንና ወደ ጣሪያ ተገፋ። አጽሙ ለጨዋማው ርጭት ቀረበ። ሞተሩ በጠባብ ክፍል ስለታጨቀ ሙቀቱ መውጫ ያጣል፤ በሙቀት የደረቀ የሃይድሮሊክ ቱቦ ተሰንጥቆ ዘይቱን በቱርቦው ላይ ቢረጭ እሳት ይነሳል። የሞተር ክፍሉን ከዘይትና ከአቧራ ማጽዳት፣ ቱቦዎችን ሳይፈነዱ በጊዜ ሰሌዳ መለወጥ፣ የራዲያተሩን ውጭ ማጠብ የማይታለፉ ሥራዎች የሆኑት ለዚህ ነው። ከ2014 ጀምሮ ግዴታ የሆነው ዩሮ 6 የተባለው የአውሮፓ የጭስ ደረጃ ደግሞ የጥላሸት ማጣሪያ ጨመረ። ማጣሪያው ራሱን የሚያነጻው በከፍተኛ ሙቀት ነው፤ በየ500 ሜትሩ የሚቆም አውቶቡስ ጭሱ ያን ያህል አይሞቅም፣ ማጣሪያውም ይደፈናል። አልፎ አልፎ ከከተማ ውጭ ወደሚሄድ መስመር መላክ ወይም በዴፖ ቆሞ እንዲቃጠል ማድረግ የግድ ነው።

ኤሌክትሪኩን እንዴት እንመዝነው?

የ12 ሜትር ኤሌክትሪክ አውቶቡስ 350 ኪሎ ዋት ሰዓት ባትሪ ይዟል እንበል። ባትሪውን ለመጠበቅ 80 በመቶውን ብቻ ብንጠቀም 280 ይሆናል። በመልካም አየር በኪሎ ሜትር 1.3 ቢበላ 215 ኪሎ ሜትር ይሄዳል። አሁን ባትሪው አርጅቶ አቅሙ ወደ 80 በመቶ ወረደ፣ ወቅቱም ጥር ሆኖ ማሞቂያው ፍጆታውን ወደ 1.7 አሳደገው እንበል። የቀረን 224 ኪሎ ዋት ሰዓት ነው፤ ርቀቱም 132 ኪሎ ሜትር ይሆናል። ቀኑን ሙሉ የሚሠራ አውቶቡስ ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ መሄድ አለበት። ባትሪው አልሞተም፤ መስመሩን ግን መሸፈን አቅቶታል። ያኔ አውቶቡሱን ጠዋትና ማታ ብቻ ወደሚወጣ ሥራ ማዛወር፣ በተራ ማብቂያው ቻርጀር መትከል ወይም ባትሪውን መለወጥ ነው ምርጫው። ከሦስቱ የትኛው እንደሚሆን ሲገዛ ካልታሰበ በስምንተኛው ዓመት ገደማ ድንገተኛ ወጪ ይሆናል።

ፕራግ ሌላ መንገድም ይዛለች። በ1972 የዘጋችውን ትሮሊባስ (ከላይ ከተዘረጋ ሽቦ ኤሌክትሪክ የሚወስድ አውቶቡስ) በ2022 በ58 ቁጥር መስመር መለሰች፤ በ2024 ደግሞ ወደ አየር ማረፊያው በሚሄደው 59 ላይ 24 ሜትር ርዝመት ያላቸውን ባለ ሁለት መታጠፊያ ተሽከርካሪዎች አሰማራች፤ ቦዲያቸው የፖላንዱ የሶላሪስ፣ የኤሌክትሪክ ክፍላቸው የስኮዳ ነው። ሽቦ ባለበት ቦታ እየሄዱ ይሞላሉ፣ በሌለበት በባትሪ ይሄዳሉ፤ ስለዚህ ትንሽ ባትሪ ይበቃቸዋል። ብዙ ሰው በሚጭንና ዳገት በሚበዛበት መስመር ላይ ይህ ከንጹሕ ባትሪው የተሻለ ይመስለናል፤ ሽቦ መዘርጋቱ ግን ጥቂት አውቶቡስ በሚያልፍበት መስመር ላይ አያዋጣም።

አሁን ወደ አጽሙ እንመለስ። 350 ኪሎ ዋት ሰዓት ባትሪ ከ2 ቶን በላይ ይመዝናል፤ ብዙው ክፍል ጣሪያ ላይ ይቀመጣል። ሾፌሩ ጠንከር አድርጎ ፍሬን ሲይዝ ጣሪያ ላይ ያለ 1 ቶን ባትሪ የመስኮት ምሰሶዎቹን በግማሽ ቶን ኃይል ያህል ወደ ፊት ይገፋል። ይህ በዓመት ከመቶ ሺህ ጊዜ በላይ ይደጋገማል፤ አብዛኛው በለስላሳ ፍሬን ቢሆንም ብረቱ ግን ሁሉንም ይቆጥራል። በ700ዎቹ ላይ ስንጥቅ ይታይባቸው የነበሩት የምሰሶ ግርጌዎችና የበር ማዕዘኖች አሁን ከላይም ተጭነዋል ማለት ነው። ኤሌክትሪክ ሞተሩ ከቆመበት ጀምሮ ሙሉ ጉልበቱን ስለሚሰጥ የኋላ አክሰሉና የእገዳው ማሰሪያዎችም የሚያገኙት ምት ሌላ ነው።

የአጽም ጥገናውም ተለውጧል። በ700ዎቹ ዘመን በያጁ የብየዳ ችቦውን አንስቶ ይጀምር ነበር። ዛሬ ባትሪው ሳይቋረጥ፣ የቁጥጥር ኮምፒውተሮቹ መሰኪያ ሳይነቀል ከበየደ ውድ ሳጥኖችን በአንድ ብልጭታ ሊያቃጥል ይችላል። በኤሌክትሪኩ ላይ ደግሞ ከፍተኛው ቮልቴጅ በሰለጠነ ሰው ተቆልፎና ተለክቶ መቋረጡ ሳይረጋገጥ ማንም እጁን አያስገባም። ይህ ማለት በየዴፖው ይሠራ የነበረው የቦዲ ሥራ ወደ ጥቂት ልዩ ጋራዦች ሄዷል፤ ወጪውና የጥበቃው ጊዜም አብሮ አድጓል።

ስለዚህ ጨረታው ላይ ዋጋና የባትሪ ዋስትና ብቻ መጠየቅ አይበቃም። የአጽሙ ብረት ዓይነትና ውፍረት፣ ቦዲው የተነከረው ከተበየደ በኋላ መሆኑ፣ የጣሪያው ባትሪ ማሰሪያ ከየትኛው ምሰሶ ጋር እንደተያያዘ በጽሑፍ ይቅረብ። ባትሪው በመሀል ሲለወጥ አዲሱ በድሮው ማሰሪያና የግንኙነት ሥርዓት ይገጥም እንደሆነ፣ ለዚያም ዋጋው ዛሬ ይታሰር። አውቶቡሱ ከገባ በኋላ በየክረምቱ ማብቂያ፣ ጨው እንደቆመ፣ የታችኛው ቦዲ በሙቅ ውኃ ይታጠብ፤ የውኃ መውጫ ቀዳዳዎቹ በሽቦ ይከፈቱ፤ የሆድ ሰሙም በተወሰነ ዓመት እንደገና ይረጭ። በዚሁ ጊዜ ከመስኮት ምሰሶዎቹ ግርጌና ከጣሪያው ማሰሪያ ላይ ልባሱ ተነስቶ ብየዳው በዓይንና በስንጥቅ ማሳያ ቀለም ይመርመር። ለዚህ የሚሆን ተከፋች ልባስ አምራቹ ሲሠራው ካላስቀመጠ በኋላ ማንም አይከፍተውም፤ ውሉ ላይ መጻፍ ያለበት ከዚህ ይጀምራል።